ኒቬስ በቁጥር

ማይስትሮ ጓልቲዬሮ ዞርዛን መጀመሪያ ወደ እኛ ክፍል የገቡ ቀን አልወደድኳቸውም። ጥፋቱ የእሳቸው አልነበረም፤ የተማረ ሰው ሁሉ ያስጠላኝ በነበረበት ጊዜ ነው የመጡት። እኔ በፓዶቫ፣ በስሌት ማዕከሉ ውስጥ ካርድ በሺ ነበርኩ። ያን ጊዜ ኮምፒውተር ማለት አንድ አዳራሽ ሞልቶ የሚቀመጥ፣ በበጋ እኛ በላብ ስንጠመቅ ለእሱ ብቻ ቀዝቃዛ አየር የሚገባለት ጌታ ነው። ከወፍራም ወረቀት ካርድ ላይ የተበሳ ቀዳዳ ካልሆነ በቀር ሌላ ነገር አያነብም። ስለዚህ ምሁራኑ የሞነጫጨሩትን ተቀብለን፣ ቁልፍ እየመታን ወደ ቀዳዳ የምንለውጠው እኛ ሴቶቹ ነን። የአንዱም የእጅ ጽሑፍ አይነበብም፤ ሁሉም ደግሞ አሁኑኑ ባይ ነው።

ማይስትሮ ኮፍያቸውን በእጃቸው ይዘው በሩ ላይ ቆሙና፣

«ሲኞሪና፣ ይቅርታ፣ እዚህ የዘፈን ካርድ ትበሳላችሁ?» አሉኝ።

«ዘፈን ከፈለጉ አደባባዩ ላይ አኮርዲዮን የሚጫወት ሰውዬ አለ» አልኳቸው።

«እሱን አውቀዋለሁ። ሁልጊዜ ቅኝቱን ይስታል» አሉና ወረቀታቸውን ጠረጴዛዬ ላይ አስቀመጡት።

የእጅ ጽሑፋቸው ጥርት ያለ ነበር። ከላይ እስከ ታች ቁጥር ብቻ፣ አንድም ስርዝ የለበትም። ለዚያ ስል ሳቅኩላቸው። የሙዚቃ ትምህርት ቤቱ፣ ኮንሰርቫቶሪው ውስጥ፣ ሐርመኒ የሚሉትን የድምፆች ስምምነት ያስተምሩ ነበር፤ እሑድ እሑድ ሰፈራቸው ባለው ቤተ ክርስቲያን ኦርጋን ይጫወታሉ፤ ስለ ሰው ድምፅ አንድ ወፍራም መጽሐፍ ጽፈዋል፣ ከተማሪዎቻቸው ሌላ ያነበበው ሰው ስለመኖሩ ግን እንጃ። ኮምፒውተር ሊዘፍን ይችላል ብለው የተነሱት ፀጉራቸው ከሸበተ በኋላ ነው። የሥራ ባልደረቦቻቸው ባር ቤቱ ደጃፍ ላይ ነጭ ወይናቸውን ይዘው እየጠበቁ፣ «ዞርዛን፣ የልብስ ማጠቢያ ማሽኑ ዛሬ ምን አዜመ?» ይሏቸው ነበር። እሳቸውም ኮፍያቸውን ነካ አድርገው ያልፋሉ።

ለምን እንደሚደክሙ ያወቅኩት ዘግይቼ ነው። ባለቤታቸው ኒቬስ ዕድሜዋን ሙሉ በኦፔራ ቤቱ ኮረስ፣ በኅብረት ዘማሪዎቹ መሀል፣ የዘፈነች ሴት ነበረች። አንድ ቀን እንኳ ፊት ወጥታ ብቻዋን አልዘፈነችም። ከዚያ ጉሮሮዋን ካንሰር ያዛትና ሐኪሞቹ ማንቁርቷን ቆርጠው አወጡት። ነፍሷ ተረፈች፤ አንገቷ ላይ በቀረው ቀዳዳ ትተነፍሳለች፤ ድምፅ ግን ጭራሽ የላትም። በሽታው ተመልሶ መምጣቱ እንደማይቀርም አልደበቋቸውም።

ቤታቸው ውስጥ የእሷ ድምፅ የተቀዳበት ነገር ፈልገው አጡ። ማን የገዛ ሚስቱን ይቀዳል? የተገኘው አንድ ሸክላ ብቻ ነው፣ እሱም ላይ ኮረሱ በሙሉ ይዘፍናል። አርባ ሴቶች አሉበት፤ አንዷ እሷ ናት። ጨውን ከበሰለ የበቆሎ ገንፎ ውስጥ መልሶ ማውጣት ይቻላል? ማይስትሮ ግን ጆሯቸውን ድምፅ ማጉያው ላይ ለጥፈው፣ «እዚህ ጋ፣ ሰማሽ ብሩና? አሁን የገባችው እሷ ናት» ይሉኛል። እኔ የምሰማው የብዙ ሴቶች ጩኸት ነው።

ሐሳባቸው ይህ ነበር፤ ድምፅ ተቆራርሶ ቁጥር መሆን ይችላል፣ የኒቬስን ድምፅ ደግሞ ከእሳቸው በላይ የሚያውቀው የለም። ስለዚህ እያንዳንዱን «አ»ዋን፣ እያንዳንዱን «ኦ»ዋን ከትዝታቸው አውጥተው በቁጥር ይጽፉታል፤ ማሽኑ ያሰላዋል፤ ሲታጩ የደረሱላትን አጭር ዜማም በራሷ ድምፅ ይዘፍነዋል። ከመሞቷ በፊት አንድ ጊዜ፣ ሁለቱ አብረው ተቀምጠው ድምፅዋን እንዲሰሙ ነው። የሚፈልጉት ይህንን ብቻ ነበር፣ ዝና አልነበረም።

ነገሩ ግን በአፍ እንደሚወራው አይደለም። ለአንዲት ሰከንድ ዘፈን በሺህ የሚቆጠር ቁጥር ያስፈልጋል። የማሽኑ ክፍል ኃላፊ ኢንጂነር ቤሎ ደግ ሰው ስለነበሩ፣ «እኛ ፓስታችንን እስክንበላ ድረስ ማሽኑ የእርስዎ ነው» ብለው የምሳ ሰዓቱን ሰጧቸው። ማሽኑ አስልቶ ቁጥሮቹን በትልቅ ቴፕ ላይ ይጽፋል። ችግሩ፣ ያን ቴፕ ወደሚሰማ ድምፅ የሚለውጠው መሣሪያ እኛ ዘንድ አልነበረም፤ ሚላኖ ነበር። የጻፉትን ለመስማት ወረፋ ይይዛሉ፣ ባቡር ይሳፈራሉ፣ እዚያ አስለውጠው በተራ ቴፕ ቀድተው ይመለሳሉ። አንድ «አ» ትክክል ትሁን ስህተት የሚያውቁት ከብዙ ሳምንት በኋላ ነው።

መጀመሪያ ያመጡት ድምፅ ጠርሙስ አፍ ላይ እንደሚነፋ ትንፋሽ ነበር። ሁለተኛውን ከማሰማታቸው በፊት፣ «ላም ሆናለች፣ እንዳትስቂ» አሉኝ። የሰማሁት ቤታቸው ነው። ኒቬስ ግን ትከሻዋ እስኪንቀጠቀጥ ያለ ድምፅ ሳቀች፤ እንባዋ በጉንጯ ወረደ።

ያን ቀን ነው የተዋወቅነው። በትንሽ ጥቁር ሰሌዳ ላይ በጠመኔ እየጻፈች ነበር የምታወራው። ቤት ውስጥ የተሠራ የበግ ሱፍ ስካርፍ አንገቷ ላይ ጠምጥማለች፤ ፊቷ ላይ ተንኮል አለ። «ሲኞራ፣ እንዴት ነዎት?» ስላት ሰሌዳውን አነሳችና፣ «አንቺ በይኝ፤ አንቱታ ለሬሳ ነው» ብላ ጻፈች። ወደድኳት። ከዚያ በኋላ ቅዳሜ ቅዳሜ ራዲኪዮ የሚባለውን ቀይ ሰላጣ ወይም የደረቀ ዓሣ ይዤላት እሄድ ጀመር።

ማይስትሮ ወንበራቸውን አስጠግተው፣ «ኒቬስ፣ ከፍ ስትዪ ‹አ›ሽ ይወፍር ነበር ወይስ ይከፈት ነበር?» ይሏታል። እጇን ወዲህ ወዲያ ታደርጋለች፤ እንደ ነገሩ ማለቷ ነው። እሳቸው ያን ጽፈው ኮታቸውን ያነሳሉ።

አንድ ጊዜ ሰሌዳውን ወደ እኔ አዙራ፣ «ከኔ ጋር ምሳ የበላው መቼ እንደሆነ ጠይቂልኝ» አለችኝ።

«እኔን አታስገቡኝ» አልኩ።

«ለአንቺ ብዬ እኮ ነው፣ ኒቬስ» አሉ ማይስትሮ።

በጨርቅ ጠረገችና ጻፈች። «ለኔ ከሆነ ተቀመጥ።»

ተቀመጡ። ጥቂት ቆይተው ግን ሰዓታቸውን አዩ፣ ማሽኑ ነጻ የሚሆንበት ሰዓት ደርሷል። እሷም አይታቸዋለች፤ በእጇ ሂድ፣ ሂድ አለቻቸው። በየቀኑ እንደዚህ ነበር። ምሳ ሰዓት ማሽን ቤት፣ ከሰዓት ኮንሰርቫቶሪ፣ ማታ ጠረጴዛቸው ላይ ቁጥር። እኔ የሚሉትን እየበሳሁ፣ እንዴት ያለ ፍቅር ነው እያልኩ እገረም ነበር። ወጣት ስለነበርኩ ይሆናል።

በሁለተኛው ዓመት በሽታው ተመለሰ። ኒቬስ ከአልጋ ወደ ሶፋ፣ ከሶፋ ወደ አልጋ ሆነች። ማይስትሮም ዜማውን በሙሉ በአንድ ጊዜ ለማስላት ቆረጡ። የምሳ ሰዓቱ ስለማይበቃ፣ በሰከንድ የሚያስፈልገውን ቁጥር በግማሽ ቀነሱት። ድምፁ ትንሽ ይደበዝዛል እንጂ ያው ነው፤ ብቻ ቴፑ ላይ «በግማሽ ፍጥነት ይለወጥ» ብሎ መጻፍ ያስፈልጋል። የሚላኖው መሣሪያ የሚሠራው ሌላ ካልተነገረው በተለመደው ፍጥነት ነው።

ስሌቱ አልቆ ማይስትሮ ስክሪብቶ ሲያወጡ ስልክ ተደወለ። ጎረቤታቸው ነበረች፤ ኒቬስን አፍኗታል። ስክሪብቶውን ጥለው፣ ኮታቸውን እንኳ ሳይዙ ሮጡ። ለሞት አልነበረም፣ ሐኪም ደርሶ ቀዳዳውን አጸዳላት። ከዚያ ቀን ወዲያ ግን ከከተማ መውጣት ፈሩ።

«ብሩና፣ ሚላኖ ትሄጂልኛለሽ?» አሉኝ። ሄድኩ። የቴፑ ነገር ከሁለታችንም አእምሮ ወጥቶ ነበር፤ እኔማ ከመጀመሪያውም ፍጥነት የሚባለው ነገር አይገባኝም።

ሚላኖ ላይ ነጭ ጋዋን የለበሰ ሰው ቴፑን ገልብጦ አየና ምንም ስላልተጻፈበት በተለመደው አስገባው። ከድምፅ ማጉያው የወጣውን ስሰማ ቆሜ ቀረሁ። አንዲት ትንሽ ልጅ ነበረች፤ ምናልባት ሰባት ዓመት ቢሆናት ነው፣ ጥርት ባለ ቀጭን ድምፅ እየቸኮለች ታዜማለች። ኒቬስ ስትናገር ሰምቼ ስለማላውቅ ስህተት መሆኑን በምን ልወቅ? እንዲያውም ባቡር ላይ የቴፑን ሳጥን ጭኔ ላይ አድርጌ፣ በቃ ተሳካላቸው እያልኩ ደስ ብሎኝ ነው የመጣሁት።

ማይስትሮ በሩን ሲከፍቱልኝ ክራቫት አስረው ነበር። ኒቬስ በትራስ ተደግፋ ሶፋው ላይ ተቀምጣለች፤ ከንፈሯን ተቀብታለች። ቴፑን መቅረጸ ድምፁ ላይ አስገብተው አጠገቧ ተቀመጡና እጇን ያዙ። ልጅቷ መዝፈን ጀመረች።

የማይስትሮ ፊት ወዲያው ተለወጠ። በእጥፍ ፍጥነት የወጣ ድምፅ ጊዜው በግማሽ ያጥራል፣ ቃናውም ይቀጥናል፤ አዋቂ ሴት ሕፃን ትሆናለች። የሆነው እሱ ነበር፣ በአንዴ ገባቸው።

«ፍጥነቱን አልጻፍኩም» አሉ። «ቆይ ኒቬስ፣ ምንም አይደል፣ ይስተካከላል። ይቺን ማዞር ብቻ ነው።» እውነታቸውን ነበር። የቤቱ መቅረጸ ድምፅ ሁለት ፍጥነት ነበረው። ማዞሪያውን ወደ ዝግተኛው ቢያዞሩት ልጅቷ ትሄድና ኒቬስ ትመጣለች። ተነስተው እጃቸውን ዘረጉ።

ኒቬስ አንጓቸውን ያዘች። ያን ያህል ጉልበት ቀርቶላት እንደነበር አላውቅም ነበር። ዜማው እስኪያልቅ አልለቀቀቻቸውም፤ ልጅቷን እያዳመጠች ፈገግ ብላ ነበር። ከዚያ ሰሌዳውን አነሳች።

«አትንካው። ይቺ ደስ ትላለች።»

«እሷ እኮ አንቺ አይደለሽም።»

«ለዚያ እኮ ነው» ብላ ጻፈች። ጠረገች፣ ደግማ ጻፈች። «ያቺን እኔን የምትመስለውን ካገኘሃት እኔ ስሞት ከሷ ጋር ነው የምትቀመጠው። አውቅሃለሁ። አልነካም ብለህ ማልልኝ።»

ማይስትሮ እኔን አዩኝ፣ እኔ ደግሞ መስኮቱን። «ኒቬስ፣ ሁለት ዓመት ሙሉ እኮ…» አሉ። ሰሌዳውን ከነጽሑፉ ደረታቸው ላይ አስደገፈችው። አልነካም ብለው ማሉላት።

እውነቱን ለመናገር ያን ቀን ኒቬስ ላይ ተናድጄ ነው የወጣሁት። የሰው ልፋት እንዲህ ይደረጋል? እያልኩ እስከ ቤቴ ድረስ ብስክሌቴን በንዴት ነዳሁት።

ከካርኒቫል በዓል ጥቂት ቀደም ብላ ሞተች። ሥርዓተ ቀብሯ ላይ ኮረሱ መጥቶ ዘመረላት። ማይስትሮ ፊተኛው ወንበር ላይ ሆነው ጆሯቸውን ወደ ሴቶቹ ዘንበል አድርገው ነበር። ምን እየፈለጉ እንደሆነ ገባኝና አቀረቀርኩ።

ቃላቸውን ጠበቁ። ከጥቂት ዓመት በኋላ በማሽን ሙዚቃ የሚሠሩ ሰዎች ከየአገሩ በተሰበሰቡበት ጉባኤ ላይ ተጋበዙ። የሰው ድምፅ፣ ያውም የአንድ የታወቀ ሰው ድምፅ፣ በቁጥር ሊያዝ ይችላል ብለው በመጽሐፋቸው የጻፉትን የሚያሳዩበት ቀን ነበር። ኢንጂነር ቤሎ ቢሯቸው ድረስ ጠርተው ለመኗቸው። «ዞርዛን፣ ማዞሪያውን ማዞር ብቻ ነው። ያንን የሠራ ማንም የለም።»

«ምዬአለሁ» አሉ ማይስትሮ።

የሄዱት ትንሿን ልጅ ይዘው ነው። ሰዉ አጨበጨበ። አንድ ወጣት ተነስቶ፣ «ድምፁ የማን ነው?» ሲላቸው፣ «የባለቤቴ» አሉ፤ አዳራሹ በሙሉ ቀልድ መስሎት ሳቀ። ይህን ሲነግሩኝ እሳቸውም ለመሳቅ ሞክረው ነበር። በኋላ ስለ መጀመሪያዎቹ የኮምፒውተር ዘፈኖች በተጻፈ አንድ ጽሑፍ ላይ ስማቸው በአንድ መስመር ወጣ፤ የሕፃን ድምፅ የሠሩ የፓዶቫ መምህር ይላል። የፈለጉትን ድምፅ ሌሎች፣ ሌላ አገር፣ በተሻለ ማሽን ሠሩት። የእኛ ማሽን ተነቅሎ ሄደ፤ የበሳኋቸው ካርዶች በሙሉ ለወረቀት ፋብሪካ ተሸጡ።

ጡረታ ከወጡ በኋላ ጆሯቸው መድከም ጀመረ። አንድ የመጋቢት ቀን፣ ከምሳ በኋላ፣ ቤቴ ድረስ መጡ። ከሐኪም ነበር የሚመጡት።

«በቅርቡ ምንም አልሰማም» አሉ። «ግራው ጠፍቷል። ቀኙ ትንሽ ቀርቶታል። ነይ እስቲ ቤት እንሂድ።»

መቅረጸ ድምፁን ቀደም ብለው ጠረጴዛው ላይ አውጥተውት ነበር። ቴፑም ገብቷል።

«አንቺ አዙሪው» አሉኝ። «እኔ አልነካም ብዬ ነው የማልኩት።»

«ማይስትሮ፣ ይሄማ የካህናት ብልጠት ነው።»

«ስንት ዘመን ኦርጋን ስጫወትላቸው ኖሬ፣ ይቺን ብማር ይበዛብኛል?»

ኒቬስ ታየችኝ፣ አንጓቸውን እንደያዘች። ቢሆንም አዞርኩት። ሊደነቁሩ ነው፣ ሌላ ቀን የላቸውም። ማንም ሰው በእኔ ቦታ ቢሆን ያደርገው ነበር።

ኒቬስን ለመጀመሪያ ጊዜ ሰማኋት። ወፍራም፣ ክብ፣ ትንሽ ሸካራ ድምፅ ነበራት፤ ከዚያ ተንኮለኛ ፊት ጋር የሚሄድ። ማይስትሮ ቀኝ ጆሯቸውን አስጠግተው ዓይናቸውን ጨፍነዋል። መጀመሪያው «አ» ላይ ከንፈራቸው ተከፈተ፤ የእሷ ነበር፣ ያለ ጥርጥር። ሁለተኛው ሐረግ ላይ ግን ፊታቸው ጠቆረ። ሲያልቅ ቴፑን ወደ መጀመሪያው እንድመልሰው በእጃቸው ጠቆሙኝ፤ መለስኩት። እስከ መጨረሻው ሰሙ።

«አትተነፍስም» አሉ።

አልገባኝም። ቆንጆ ነው፣ እሷን ትመስላለች አልኳቸው፤ እንዲሰሙኝ ጮክ ብዬ።

«ሐረጉ ሲያልቅ ዕረፍት አለ» አሉ ቀስ ብለው፣ ለተማሪ እንደሚያስረዱ። «በኖታው ላይ ዕረፍት ዝምታ ነው። ዝምታ በቁጥር ዜሮ ነው። ስለዚህ ዜሮ ጻፍኩ። ትንሿ ልጅ ፈጣን ስለሆነች አያስታውቅባትም። ዘፋኝ ግን እዚያ ጋ ዝም አትልም፣ አየር ትስባለች። ኒቬስ በአፍንጫዋ ነበር የምትስበው፣ አጭር፣ ለመሳቅ እንደምትዘጋጅ ሰው። ከአርባዎቹ መሀል የማውቃት በሱ ነበር። በድምፅዋ መስሎኝ ኖሬአለሁ፤ በትንፋሿ ነበር።»

የተቀረጸው ቴፕ አልቆ መንኮራኩሩ ብቻ ይዞራል። ማጥፊያውን ተጫንኩት። እጃቸውን ልይዝ ፈለግኩ፣ ግን ጭናቸው ላይ አድርገው እየተመለከቱት ስለነበር ተውኩት።

«ሐኪሞቹ ድምፅዋን ወሰዱ እንጂ ትንፋሿን አልወሰዱትም» አሉ። «ቤት ነበር፣ ብሩና። በአንገቷ በኩል ሁለት ዓመት ሙሉ ስትተነፍስ ይሰማ ነበር። እኔ በየቀኑ ኮቴን ለብሼ እወጣ ነበር።»